ትልቁ ጥራዝና ትንንሾቹ መጻሕፍት፦ የሮማና የቢዛንታይን ሕግ በመካከለኛው ዘመን

አንድ ገበሬ የጎረቤቱን ትልም አልፎ ድንበር ቢገፋ፣ ይህንንም ያደረገው በእርሻ ወቅት ቢሆን፣ ያረሰው ድካሙ ከንቱ ይቀርበታል፤ ዘር ዘርቶበት እንደሆነ ደግሞ ዘሩንም፣ እርሻውንም፣ አዝመራውንም ያጣል። ይህን የሚደነግገው በ7ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ወይም በ8ኛው ክፍለ ዘመን በቢዛንታይን መንግሥት፣ ማለትም ዋና ከተማው ቁስጥንጥንያ በነበረው በምሥራቁ የሮማ መንግሥት ውስጥ የተዘጋጀውና «የገበሬ ሕግ» በመባል የሚታወቀው አጭር ጽሑፍ ነው። አንቀጾቹ 85 ያህል ብቻ ናቸው፤ የሚናገሩትም ስለ በሬና ስለ እረኛ፣ ስለ ወይን ተክል፣ ስለ ውኃ ወፍጮ፣ ከአንዱ ማሳ ተነሥቶ ወደ ሌላው ስለተዛመተ እሳት ነው። ከበሬ ወይም ከበግ አንገት ላይ ቃጭል የሰረቀ ሰው ይገረፋል ካለ በኋላ፣ እንስሳው በዚሁ ሰበብ ከጠፋ ሌባው እንስሳውን ራሱን ይተካል ይላል። ከብት ጠብቆ ያደገ ሰው የዚህን ድንጋጌ ምክንያት ለመረዳት የሕግ ትምህርት አያስፈልገውም፤ ቃጭሉ ከሌለ በጫካ የቀረውን በሬ የሚያገኘው የለምና።

ይኸው መንግሥት ቀደም ብሎ፣ በ6ኛው ክፍለ ዘመን፣ በሕግ ታሪክ ውስጥ አቻ የማይገኝለትን ግዙፍ ሥራ አዘጋጅቶ ነበር። ንጉሠ ነገሥት ዮስጢንያኖስ ያስጠናቀረው የሮማ ሕግ ጥራዝ ዛሬም በየሕግ ትምህርት ቤቱ ይጠናል፤ ስለ ሮማ ሕግ ሲወራም ዘወትር የሚነሣው እርሱ ነው። ለመካከለኛው ዘመን ሰው፣ ለገበሬው፣ ለመበለቲቱ፣ ለመርከበኛውና ለአውራጃው ዳኛ ግን የሮማ ሕግ በአብዛኛው የደረሰው ከትልቁ ጥራዝ ተቀንጭበው፣ ተተርጉመውና ለአካባቢው ኑሮ ተስተካክለው በተጻፉ ትንንሽ መጻሕፍት በኩል ነበር። ሕጉ ከቁስጥንጥንያ ተነሥቶ ወደ ሰርቢያና ወደ ካይሮ፣ በመጨረሻም ወደ ኢትዮጵያ እንዴት እንደዘለቀ የሚገባንም የእነዚህን ትንንሽ መጻሕፍት መንገድ ስንከተል ነው። በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።

የሮማ ሕግ የመጀመሪያው የጽሑፍ መሠረት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ450 ገደማ የወጡት ዐሥራ ሁለቱ ሰሌዳዎች ናቸው። ሕጉን ወደ ጥልቅ ዕውቀት ያሳደጉት ግን ለተከራካሪና ለዳኛ አስተያየት እየሰጡ፣ ነገሩን በየፈርጁ እየተነተኑ የጻፉ የሕግ ሊቃውንት ነበሩ። ንጉሠ ነገሥት ካራካላ በ212 በግዛቱ ለሚኖሩት ነጻ ሰዎች ከሞላ ጎደል ለሁሉም የሮማ ዜግነት በመስጠቱ፣ ይህ ሕግ ከብሪታንያ እስከ ግብፅ የሚኖረው ሕዝብ ሕግ ሆነ። ጽሑፉ ግን በዝቶና ተበታትኖ፣ አንዱ ከሌላው ተጋጭቶ ነበር። በ426 የወጣ ድንጋጌ ዳኞች በአምስት ስመ ጥር ሊቃውንት ጽሑፍ እንዲመሩ፣ የሊቃውንቱ ሐሳብ ቢለያይ የሚበዙት ያሉትን እንዲይዙ፣ እኩል ለእኩል ቢሆኑ ደግሞ ፓፒንያኖስ የተባለውን ሊቅ እንዲከተሉ አዘዘ። ከሞቱ ሁለት መቶ ዓመት ገደማ የሆናቸው ሰዎች ድምፃቸው እየተቆጠረ ይፈረድ ነበር ማለት ነው። በ438 የወጣው የቴዎዶስዮስ መድበልም ከታላቁ ቆስጠንጢኖስ ወዲህ የታወጁትን የነገሥታት ሕጎች ብቻ ስለሰበሰበ፣ የሊቃውንቱ ጽሑፍ እንደተዘበራረቀ ቀረ።

ዮስጢንያኖስ በ527 ነገሠና በዓመቱ ሥራውን አስጀመረ። በ530 ትሪቦንያኖስ ለሚባል የሕግ ዐዋቂ ሹም፣ የቀደሙትን ሊቃውንት መጻሕፍት ሁሉ አንብቦ የሚጠቅመውን እንዲያስቀር፣ ያረጀውን እንዲተው፣ የሚጋጨውን እንዲያስማማ ሥልጣን ሰጠው። ሥራው ገና ከመጀመሩ፣ በ532፣ ኒቃ በሚባለው ዐመፅ የቁስጥንጥንያ ሕዝብ ከተማይቱን በእሳት ሲያጋይ ከጠየቃቸው ነገሮች አንዱ ትሪቦንያኖስ ከሥልጣን እንዲነሣ ነበር፤ በዘመኑ የነበረው የታሪክ ጸሐፊ ፕሮኮጲዮስም ሕግን ለገንዘብ የሚለዋውጥ ሰው ነበር ብሎ ይከሰዋል። ንጉሡ ለጊዜው ሻረው፤ የሕጉን ሥራ ግን ከእጁ አላወጣም። ንጉሡ ራሱ እንደተናገረው ወደ 2,000 የሚጠጉ መጻሕፍት ተነብበው፣ 3 ሚሊዮን መስመር የነበረው ጽሑፍ ወደ 150,000 መስመር ተጨመቀ። በ50 መጻሕፍት የተከፈለውና ዲጄስታ የተባለው ይህ ሥራ በ533 ታወጀ። በዚያው ዓመት ለጀማሪ ተማሪዎች የተጻፈው ኢንስቲቱታ የሕግ ኃይል ተሰጥቶት ወጣ፤ የነገሥታቱ ዐዋጆች የተሰበሰቡበት በ12 መጻሕፍት የተከፈለ መድበል ደግሞ ታርሞ በ534 ጸና። ከዚያ በኋላ ንጉሡ ያወጣቸው አዳዲስ ሕጎች ኖቬላ ይባላሉ።

ይህን ሥራ ባደንቀውም፣ ከተወለደበት ቀን ጀምሮ አንድ ችግር ተሸክሞ እንደነበር ማየት ያስፈልጋል። የተጻፈው በላቲን ሲሆን የምሥራቁ ሕዝብ የሚናገረው በአብዛኛው ግሪክኛ፣ በሶርያና በግብፅም ሱርስትና ቅብጥኛ ነበር። ሙሉውን ለመማር በቁስጥንጥንያ ወይም በቤይሩት አምስት ዓመት መቀመጥ ያስፈልግ ነበር፤ የቤይሩቱ ትምህርት ቤት ደግሞ በ551 በመሬት መንቀጥቀጥ ከከተማዋ ጋር ፈረሰ። ዮስጢንያኖስ ሕጉ ዳግመኛ እንዳይዝረከረክ በመስጋት በዲጄስታ ላይ ሐተታ እንዳይጻፍ ከለከለ፤ መምህራኑ ግን ለተማሪዎቻቸው በግሪክኛ ከመተርጎምና ከማብራራት ሌላ ምርጫ አልነበራቸውም፤ ራሱ ንጉሡም ከ535 ወዲህ አዳዲስ ሕጎቹን በአብዛኛው ያወጣው በግሪክኛ ነው። በ7ኛው ክፍለ ዘመን ሶርያ፣ ፍልስጥኤምና ግብፅ በዐረቦች እጅ ሲወድቁ፣ ከተሞች ሲመናመኑና ላቲን የሚያነብ ሰው ሲጠፋ፣ ትልቁ ጥራዝ ስሙ የከበረ፣ ግን ጥቂት ሰው ብቻ የሚያነበው መጽሐፍ ሆነ።

ትንንሾቹ መጻሕፍት የተወለዱት በዚህ ክፍተት ነው። ከሁሉ የሚበልጠው ሣልሳዊ ሊዮና ልጁ አምስተኛው ቆስጠንጢኖስ በ741 ያወጡት ኤክሎጋ የተባለ መድበል ሲሆን፣ አርእስቱ 18 ብቻ ናቸው። መግቢያው ሊነበብ የሚገባው ነው። የቀደሙት ነገሥታት ሕጎች በብዙ መጻሕፍት ተበትነው ለብዙዎች፣ በተለይም ከቁስጥንጥንያ ውጭ ለሚኖሩት፣ የማይገቡ ሆነዋል ይላል፤ ስለዚህም ለዕለት ተዕለት ፍርድ የሚያስፈልገው በግልጽ ቋንቋ ተጽፎ እንዲቀርብ መደረጉን ይገልጻል። ቀጥሎም ዳኞች ከተከራካሪ ምንም እንዳይቀበሉ ደመወዛቸው ከመንግሥት ግምጃ ቤት እንዲከፈል ያዝዛል፤ ጻድቁን ስለ ብር ሸጡት ያለውን የነቢዩ አሞጽን ቃልም ይጠቅሳል። መማለጃን ለማስቀረት ዳኛን ማስፈራራት ብቻ እንደማይበቃ፣ የሚኖርበትንም መስጠት እንደሚያስፈልግ በ8ኛው ክፍለ ዘመን የተረዳ ሕግ አውጪ ትልቅ አክብሮት ይገባዋል።

የኤክሎጋ ቅጣቶች ግን ዛሬ ያስደነግጣሉ። በሐሰት የማለ ሰው ምላሱ ይቆረጣል፤ አመንዝሮቹ ወንዱም ሴቷም አፍንጫቸው ይቆረጣል፤ የሰረቀ ሰው ለመጀመሪያ ጊዜ ከሆነና ሀብት ካለው የሰረቀውን እጥፍ ይከፍላል፣ ድኻ ከሆነ ተገርፎ ይሰደዳል፣ ከደገመ እጁ ይቆረጣል። ሕግ አውጪዎቹ ይህን ሥራቸውን ወደ ርኅራኄ ያዘነበለ ማሻሻያ ብለው ነበር የጠሩት። ይህን አባባል በቀላሉ ማጣጣል ተገቢ አይመስለኝም፤ ከእነዚህ ወንጀሎች አንዳንዶቹ በቀድሞው ሕግ በሞት ያስቀጡ ነበርና። ከዚህም ሌላ የቀደመው የሮማ ሕግ ለባለ ማዕረግና ለተራ ሰው የተለያየ ቅጣት ሲወስን፣ ኤክሎጋ የአካል ቅጣትን በአብዛኛው ማዕረግ ሳይለይ ደነገገ። ነገር ግን የተቆረጠ እጅ ድኻን ዳግመኛ ሠርቶ እንዳይበላ እንደሚያደርገው፣ ገንዘብ ያለውም በገንዘቡ እንደሚያመልጥ ከዚያው ከሌብነት አንቀጽ ላይ በግልጽ ይታያል።

የሮማ ሕግ በሰው ኑሮ ውስጥ ጠልቆ የገባው ከሁሉ ይልቅ በቤተሰብ ጉዳይ ነው። ጋብቻን የሚያጸናው አብሮ መተኛት ሳይሆን የሁለቱ ፈቃድ ነው የሚለው ኡልፒያኖስ የተባለው የጥንት ሮማዊ የሕግ ሊቅ ቃል በዲጄስታ ውስጥ ይገኛል፤ ይህ መርሕ በኋላ በምሥራቅም በምዕራብም የቤተ ክርስቲያን ሕግ አካል ሆኗል። ስድስተኛው ሊዮ በ9ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ያለ ቤተ ክርስቲያን ቡራኬ ጋብቻ እንዳይጸና ሲደነግግ እንኳ፣ ቡራኬው ፈቃዱን የሚያጸና እንጂ የሚተካ ተደርጎ አልታየም። በውርስ በኩል ደግሞ ዮስጢንያኖስ በ543 ያወጣው 118ኛው ኖቬላ ለረጅም ዘመን የቆየውን በወንድ ዘር በኩል የሚቆጠር ዝምድናን ቅድሚያ የሚሰጥ ሥርዓት ሻረ። ሳይናዘዝ የሞተ ሰው ሀብት በመጀመሪያ ለልጆቹና ለልጅ ልጆቹ፣ እነርሱ ከሌሉ ለወላጆቹና ከአንድ እናትና አባት ለተወለዱ ወንድሞቹና እኅቶቹ፣ ከዚያም ለሌሎች ዘመዶቹ ይተላለፋል፤ በወንድና በሴት፣ በአባት ወገንና በእናት ወገን መካከልም ልዩነት አይደረግም። ኤክሎጋ በዚህ ላይ አንድ ትልቅ ነገር ጨመረ፦ ባሏ የሞተባት ሴት ሌላ ባል እስካላገባች ድረስ የቤቱ ራስ ሆና ልጆቿንም ሀብቱንም ታስተዳድራለች፤ ልጆቿም ድርሻችንን ካልሰጠሽን ብለው ሊያስጨንቋት አይችሉም። አንዲት መበለት ይህን አንቀጽ ማንበብ ባትችልም፣ ዳኛው ፊት ስትቆም የሚያነብላት ትንሽ መጽሐፍ ነበረ።

ከገበሬ ሕግ ጎን «የሮድስ የባሕር ሕግ» የሚባል ሌላ ትንሽ መድበልም ይነበብ ነበር። በውስጡ ያለው ዋና ሐሳብ በዲጄስታም የሚገኝ ነው፦ መርከብ በማዕበል ተይዛ እንዳትሰጥም የአንዱ ነጋዴ ጭነት ወደ ባሕር ቢጣል፣ በዚያ መሥዋዕትነት ንብረታቸው የተረፈላቸው ሁሉ ጉዳቱን በየድርሻቸው ይካፈሉታል። ይህ ሥርዓት የጋራ ኪሳራ በሚል ስም በዓለም አቀፍ የመርከብ ንግድ ውስጥ ዛሬም ይሠራበታል፤ የ1960ው የኢትዮጵያ የባሕር ሕግም ደንግጎታል።

በ9ኛው ክፍለ ዘመን ወደ ሥልጣን የመጣው የመቄዶንያ ሥርወ መንግሥት ኤክሎጋን በይፋ ነቀፈ፤ አውጪዎቹ ቅዱሳት ሥዕላት እንዳይከበሩ በመከልከላቸው መናፍቃን ተደርገው ይቆጠሩ ነበርና። ይሁን እንጂ ከይዘቱ ብዙውን ወሰደ። በቀዳማዊ ባስልዮስ ዘመን የወጣው ፕሮኪሮስ ኖሞስ፣ ማለትም «በእጅ ያለ ሕግ»፣ 40 አርእስት ያሉት አጭር መድበል ነው። በልጁ በስድስተኛው ሊዮ ዘመን ደግሞ ባሲሊካ የተባለው በ60 መጻሕፍት የተከፈለ ግዙፍ ሥራ የዮስጢንያኖስን ሕግ በግሪክኛ እንደገና አደራጅቶ አወጣ። እንደገና ትልቁና ትንሹ ጎን ለጎን ቆሙ፤ ከአገር ወደ አገር እየተሻገረ የኖረው ትንሹ ነው።

ሕግ መጻፉ ብቻ ኃይለኛውን እንደማይገታ የሚያሳየው የ10ኛው ክፍለ ዘመን የመሬት ታሪክ ነው። በ927 እና በ928 መካከል በነበረው ክረምት ምድሩ ለ120 ቀን በውርጭ ደረቀ ይላሉ ዜና መዋዕል ጸሐፊዎች፤ ረኀብ ሲገባ ድኻው ገበሬ መሬቱን ለአንድ ቁና እህል ለባለ ሥልጣናትና ለገዳማት ሸጠ። ገበሬው ግብር ከፋይም ወታደርም ስለነበረ፣ የእርሱ መሬት ማጣት የመንግሥቱን ጉልበት ይነካል። ንጉሠ ነገሥት ሮማኖስ ሌካፔኖስ በ934 ባወጣው ሕግ፣ ኃያላኑ በረኀብ ጊዜ ከገበሬ ማኅበር የገዙትን መሬት እንዲመልሱ አዘዘ፤ ዘመዶችና ጎረቤቶችም ከውጭ ገዢ ቀድመው የመግዛት መብት ነበራቸው። ኃያላኑ ግን ጊዜን መሣሪያ አደረጉት፤ 40 ዓመት ይዘው ከቆዩ በይርጋ ባለቤት እንሆናለን ብለው ጠበቁ። ዳግማዊ ባስልዮስ በ996 ይህን ይርጋ አነሣ። በዚያው ሕግ ውስጥ ፊሎካሌስ ስለሚባል ሰው ተጽፏል፦ ከድኻ ገበሬነት ተነሥቶ በቤተ መንግሥት ከፍ ያለ ማዕረግ አገኘ፤ ቀስ በቀስም የተወለደበትን መንደር ሁሉ ጠቅልሎ የግሉ ርስት አደረገው። ንጉሠ ነገሥቱ በዚያ ሲያልፍ ነገሩን ሰምቶ ሕንፃዎቹን አስፈረሰ፣ መሬቱን ለድኾቹ መለሰ፣ ሰውየውንም ወደ ቀድሞ ገበሬነቱ መለሰው። ንጉሠ ነገሥቱ ራሱ ባላለፈባቸው መንደሮች የሆነውን መገመት አያዳግትም፤ ከ11ኛው ክፍለ ዘመን ወዲህ አብዛኛው ገበሬ የትልልቅ ባለ ርስቶች ጭሰኛ ሆኗል።

በፍርድ ቤት የሕጉ ትልቁ ክብር በማስረጃ ላይ ታየ። በምዕራብ አውሮፓ ለረጅም ዘመን ክርክር የጋለ ብረት በማስያዝ፣ ውኃ ውስጥ በመጣል ወይም ባለጋራዎቹን በማዋጋት ይወሰን ነበር። የመስቀል ጦረኞች በ1204 ቁስጥንጥንያን ሲይዙ የቢዛንታይን መንግሥት ወደ ኒቅያ ተሰደደ፤ የባዕዳኑ ልማድም አብሮ ሾልኮ መግባት ጀመረ። በ1253 ሚካኤል ፓሌዎሎጎስ የተባለ ወጣት መኰንን በንጉሠ ነገሥት ዮሐንስ ቫታትዚስ ላይ አሲሯል ተብሎ ተከሰሰ፤ ማስረጃ ስላልተገኘ የጋለ ብረት ይዞ ንጽሕናውን እንዲያሳይ ተጠየቀ። የዘመኑ ጸሐፊ ጊዮርጊስ አክሮፖሊቲስ እንደሚተርከው፣ ይህን እንዲቀበል የገፋፋው የፊላደልፊያው ጳጳስ ፎቃስ ነበር። ሚካኤልም እርሱ ኃጢአተኛ ስለሆነ ተአምር ማድረግ እንደማይችል፣ ጳጳሱ ግን ቅዱስ ቍርባኑን በሚዳስስበት እጁ ብረቱን አንሥቶ ቢሰጠው በደስታ እንደሚቀበል መለሰ። ጳጳሱ ደንግጦ ይህ ከሮማውያን ሥርዓትም ከቤተ ክርስቲያን ትውፊትም ያልሆነ የባዕድ ልማድ ነው አለ። ሚካኤል ይህን ሲሰማ፣ እርሱ ከሮማውያን የተወለደ ሮማዊ ስለሆነ በሮማ ሕግና በተጻፈው ሥርዓት ሊዳኝ እንደሚገባው ተናገረ። ክሱ ፈረሰ፤ ሰውየውም ቆይቶ ነግሦ በ1261 ቁስጥንጥንያን አስመለሰ። ለእኔ የዚህ ታሪክ ፍሬ ነገሩ ተከሳሹ የተማመነበት ነው፦ በንጉሡ ፊት ቆሞ የጽሑፍ ሕግ ይገባኛል ማለት የሚችልበት ኅብረተሰብ ውስጥ ይኖር ነበር።

ምዕራቡም በሌላ መንገድ ወደዚያው ሕግ ተመለሰ። በጣልያን ተጠብቆ የቆየ አንድ የ6ኛው ክፍለ ዘመን የዲጄስታ ቅጂ ነበር፤ ለረጅም ጊዜ በፒሳ ኖሮ በ1406 በፍሎሬንስ ሰዎች እጅ ገባ፣ አሁንም በዚያችው ከተማ ይገኛል። በ11ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ዲጄስታ በቦሎኛ መማር ጀመረ፤ ኢርኔርዮስ የተባለው መምህርና ተከታዮቹ በየቃሉ ትይዩ በኅዳጉ ላይ ማብራሪያ ይጽፉ ነበር፤ የአገራችን የአንድምታ መምህራን ንባቡን እየዘለቁ አንዱን ቃል በብዙ ገጽ እንደሚያዩት ማለት ነው። አኩርስዮስ በ13ኛው ክፍለ ዘመን የቀደሙትን ማብራሪያዎች ሰብስቦ ወደ 97,000 የሚጠጋ ኅዳግ አዘጋጀ። የሚከራከሩበትም ጉዳይ ቀላል አልነበረም፦ በአንድ በኩል ንጉሥ ከሕግ በላይ ነው የሚል የኡልፒያኖስ ቃል፣ በሌላ በኩል ንጉሥ ራሱን በሕግ የታሰረ ነኝ ማለቱ ለክብሩ የሚገባ ነው የሚል የ429 ዐዋጅ በአንድ ጥራዝ ውስጥ አሉ፤ የነገሥታት አገልጋዮች የመጀመሪያውን፣ ከተሞችና መኳንንት ሁለተኛውን ይጠቅሱ ነበር። በ1215 በሮም የተሰበሰበው የምዕራቡ ቤተ ክርስቲያን የላተራን ጉባኤ ካህናት የጋለ ብረትና የውኃ ፈተናን እንዳይባርኩ ሲከለክል፣ የአህጉሩ ፍርድ ቤቶች ወደ ሮማና ወደ ቤተ ክርስቲያን ሕግ ሥርዓት ዞሩ። ዋጋ ግን ተከፈለበት፤ ሥርዓቱ ለከባድ ወንጀል ሁለት የዓይን ምስክር ወይም የተከሳሹን እምነት ቃል ስለሚጠይቅ፣ ምስክር ሲጠፋ ቃሉን ለማግኘት ማሠቃየት በሕግ የተፈቀደ መሣሪያ ሆነ። ይህን ጥቁር ገጽታ ሳይጠቅሱ የሮማን ሕግ መመለስ ማወደስ ትክክል አይደለም።

ወደ ስላቮች የሄደው ግን ትንሹ መጽሐፍ ነው። ለስላቮች ከተዘጋጁት የመጀመሪያዎቹ የሕግ ጽሑፎች አንዱ ከኤክሎጋ የተቀዳ ነው፤ ሰርቢያዊው ቅዱስ ሳቫ በ1219 ገደማ ያስተረጎመው የሕግ መድበል ደግሞ ፕሮኪሮስ ኖሞስን በሙሉ ይዟል። የሰርቢያው ንጉሥ ዱሻን በ1349 ባወጣውና በ1354 ባሰፋው ሕግ ውስጥ፣ ዳኞች በተጻፈው ሕግ መሠረት በትክክል እንዲፈርዱ፣ ንጉሡን ፈርተው ግን እንዳይፈርዱ ያዘዘበት አንቀጽ አለ።

ወደ ደቡብ የወሰደው መንገድ ለእኛ ይበልጥ የቀረበ ነው። በ13ኛው ክፍለ ዘመን በእስልምና መንግሥት ሥር ይኖር የነበረው የግብፅ ቅብጥ ቤተ ክርስቲያን ምእመናኑን በጋብቻ፣ በውርስና በመሰል ጉዳዮች የሚዳኝበት ሕግ ያስፈልገው ነበር። አስ-ሳፊ ኢብን አል-ዐሳል የተባለው ቅብጣዊ ሊቅ በ1238 ገደማ በዐረብኛ ያዘጋጀው መድበል፣ ከመጽሐፍ ቅዱስና ከቤተ ክርስቲያን ቀኖና ሌላ «የነገሥታት ቀኖናዎች» የሚባሉ ጽሑፎችን ተጠቅሟል። እነዚህ በትውፊት በ325 በኒቅያ ለተሰበሰቡት ለሠለስቱ ምእትና ለንጉሥ ቆስጠንጢኖስ ይሰጡ ነበር፤ ተመራማሪዎች እንዳሳዩት ግን ከመካከላቸው ወደ ዐረብኛ የተተረጎመው ፕሮኪሮስ ኖሞስ፣ ኤክሎጋና በ5ኛው ክፍለ ዘመን አካባቢ የተጻፈው የሶርያና የሮማ የሕግ መጽሐፍ ይገኛሉ። በአንዳንድ ክፍሎቹም የእስልምና ሕግ ሊቃውንት አጻጻፍ ተጽዕኖ ይታያል። ይህ መጽሐፍ ወደ ግእዝ ተመልሶ ፍትሐ ነገሥት ተባለ፤ ትርጉሙን በ15ኛው ክፍለ ዘመን የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ እንዳስጀመሩት በትውፊት ይነገራል። ከ51ዱ አንቀጾቹ 22ቱ ስለ ቤተ ክርስቲያን፣ የቀሩት ስለ ዓለማዊ ጉዳይ ናቸው።

የጉዞውን ርዝመት በአንድ ዐረፍተ ነገር ላይ ማየት ይቻላል። የዮስጢንያኖስ ኢንስቲቱታ ባርነት ከተፈጥሮ ጋር የሚቃረን፣ በሕዝቦች ልማድ የመጣ ነገር መሆኑን፣ በተፈጥሮ ሕግ ግን ሰው ሁሉ ነጻ ሆኖ መወለዱን ይናገራል። ሐሳቡ በግሪክኛው አጭር መድበል በኩል አልፎ፣ በዐረብኛ ተጽፎ፣ በግእዝ ሲደርስ ፍትሐ ነገሥት ስለ ባርነት በሚናገረው አንቀጹ ሰው ሁሉ በባሕርይ ሕግ ነጻ መሆኑን፣ ጦርነትና የፈረሰኛ ኃይል ግን አንዱን ለሌላው አገልጋይ እንዳደረገው ይገልጻል። ይህን የሚሉት መጻሕፍት ሁሉ ወዲያው ቀጥለው ባሪያ እንዴት እንደሚሸጥ፣ እንዴትም ነጻ እንደሚወጣ ይዘረዝራሉ። መርሑ ተጽፎ ሳለ ድርጊቱ ከሺህ ዓመት በላይ ቀጠለ፤ በኢትዮጵያ ባርነት በሕግ ሙሉ በሙሉ የተሻረው በ1942 ነው። እውነት በሕግ መጽሐፍ ላይ መጻፉ ብቻውን ማንንም ነጻ አላወጣም፤ ሆኖም ነጻ መውጣትን የሚያበረታቱት ድንጋጌዎች የተመሠረቱት በዚያው መርሕ ላይ ነበር።

ቁስጥንጥንያ በ1453 በቱርኮች እጅ ብትወድቅም ሕጉ አብሯት አልሞተም። በተሰሎንቄ ዳኛ የነበረው ቆስጠንጢኖስ አርመኖጱሎስ በ1345 ገደማ ስድስት መጻሕፍት ያሉት አንድ መድበል አዘጋጅቶ ነበር፤ በኦቶማን ዘመን የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ፍርድ ቤቶች ሠሩበት፣ ነጻ የወጣችው ግሪክም በ1835 የፍትሐ ብሔር ሕጓ አድርጋ ተቀብላው እስከ 1946 ድረስ አገለገለ። ባሲሊካን ያህል ግዙፍ ሥራ የሊቃውንት መመርመሪያ ሆኖ ሲቀር፣ የአንድ ከተማ ዳኛ ለራሱ ሥራ የጻፈው መጽሐፍ ስድስት መቶ ዓመት ኖረ።

በኢትዮጵያ ሁለቱ መንገዶች ተገናኙ። የ1960ው የፍትሐ ብሔር ሕግ ረቂቅ የተዘጋጀው በፈረንሳዊው የሕግ ሊቅ በረኔ ዳቪድ ሲሆን፣ የተቀረጸበት የአውሮፓ አህጉራዊ የሕግ ሥርዓት ከቦሎኛ ትምህርት የወረደ ነው። በመጨረሻ አንቀጾቹ በአንዱም በሚሸፍናቸው ጉዳዮች ላይ ቀድሞ የነበሩትን የጽሑፍና የልማድ ሕጎች ስለሻረ፣ በቦሎኛና በፓሪስ በኩል የመጣው የሮማ ሕግ ዘር በቁስጥንጥንያና በካይሮ በኩል የመጣውን ተካ። ሳይናዘዝ የሞተ ሰው ልጆች ጾታ ሳይለይ በእኩል ይወርሳሉ የሚለው የዚህ ሕግ ድንጋጌ ከ118ኛው ኖቬላ ሐሳብ ጋር ይገጥማል። ልጅ ሳይተው ለሞተ ሰው ከአባት ወገን የመጣው የማይንቀሳቀስ ርስት ለአባት ወገን፣ ከእናት ወገን የመጣው ለእናት ወገን እንዲመለስ የሚያደርገው ሥርዓት ግን ከዮስጢንያኖስ አልመጣም፤ 118ኛው ኖቬላ በሁለቱ ወገኖች መካከል ልዩነትን የሻረ ነበር፣ ይህኛው ደግሞ በጥንታዊው የፈረንሳይ የአካባቢ ልማድ የሚታወቅ ነው።